እንቁራሪቱ ፕሬዚዳንት እና የኒጀሩ መካኒክ

ጥያቄ፦ «ጋሼ፣ ሐዋሳ ነው የምኖረው። ቀን ስልክ እጠግናለሁ፣ ማታ ማታ በስልኬ አጫጭር አኒሜሽን እሠራለሁ። ትምህርት ቤት ገብቼ አልተማርኩትም። ስለ አፍሪካ አኒሜሽን ሳነብ ሙስጠፋ አላሳን የሚባል የኒጀር ሰው ስም ደጋግሞ ይመጣል። አንዱ ‹የመጀመሪያው የአፍሪካ አኒሜተር› ይለዋል። ሌላው ‹የፈረንሳዊው የዣን ሩሽ ተማሪ› ይለዋል። ማን ነበር? እንዴት ነበር የሚሠራው? ለእኔ ቢጤ ጀማሪስ የሚጠቅም ነገር አለው?»

ምላሽ፦

ወንድሜ፣ «ቀን ስልክ እጠግናለሁ» ያልከውን ሳነብ ደስ አለኝ። አላሳንም ተምሮ የወጣው በመካኒክነት ነው። ሥራዎቹን ለተማሪዎቼ ማሳየት ከጀመርኩ ብዙ ዓመት ሆኖኛል። ሁልጊዜም ስለ እሱ የምነግራቸው የመጀመሪያ ነገር ይኼ ነው። ከፊልም ሰሪነቱ በፊት እጁ የሚሠራ ሰው ነበር። ማሽን ይፈታል፣ ይገጥማል። የሌለውን ዕቃ ካለው ዕቃ ይሠራል። አብዛኛው ነገሩ የሚገባህ ከዚያ ስትነሳ ነው።

ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፍልህ። የኛን ስጠቅስ ዓ.ም. ብዬ እለይልሃለሁ።

መጀመሪያ ሁለቱን ስያሜዎች እንያቸው። «የመጀመሪያው የአፍሪካ አኒሜተር» የሚለው ትክክል አይደለም። ግብፅ ውስጥ የፍሬንክል ወንድማማቾች በ1936 ሚሽ ሚሽ ኤፈንዲ የሚባል የካርቱን ገጸ ባሕርይ ፈጥረው ለሕዝብ አሳይተዋል። አላሳን ያኔ ገና አልተወለደም። ከሰሃራ በስተደቡብ ካልን ግን ቦታው ብዙ ጊዜ ለእሱ ይሰጣል። ይኼን ማረሜ ክብሩን ለመቀነስ አይደለም። እኔ እንደማየው የሰውዬው ዋጋ ቀድሞ መገኘቱ ላይ አይደለም ያለው። ፊልሞቹ ከ50 ዓመት በኋላም ያስቃሉ፣ ያስፈራሉ።

«የሩሽ ተማሪ» የሚለው ይበልጥ ያናድደኛል። ውሸት ስለሆነ አይደለም። ሩሽ ረድቶታል፣ ካሜራ ያስጨበጡት እሱና አብረውት የነበሩት ናቸው። ግን ታሪኩን ከዚያ መጀመር ልጁን መዝለል ነው። አላሳን በ1942 ተወለደ። ያኔ ኒጀር በፈረንሳይ እጅ ነበረች። በፈረንሳይ ቅኝ ግዛቶች ደግሞ ከ1934 ጀምሮ የላቫል ድንጋጌ የሚባል ሕግ ነበር። ያለ ቅኝ ገዥው ፈቃድ ፊልም መቅረጽ አይቻልም ይላል። በተግባር አፍሪካዊ ካሜራ ይዞ የራሱን አገር እንዳይቀርጽ የሚያግድ ሕግ ነበር። በዚህ ጊዜ ያደገው ልጅ ሲኒማ የሚባል ነገር ሳያይ ሲኒማ መሥራት ጀመረ። ሥዕሎቹን በብርሃን ግድግዳ ላይ ያሳርፋል፣ ጥላቸውን ያንቀሳቅሳል፣ የመንደሩን ልጆች ሰብስቦ ያሳያል። መብራት፣ ስስ ነገር፣ ግድግዳና ታሪክ ብቻ። አኒሜሽን ማለት ከዚህ ብዙም የራቀ አይደለም።

ኒጀር ነሐሴ 3 ቀን 1960 ነጻ ወጣች። ዋና ከተማዋ ኒያሜ ውስጥ የማኅበራዊ ሳይንስ ምርምር ተቋም ነበር። ሩሽ የሚሠራው እዚያ ነው። ሩሽን ባጭሩ ላስተዋውቅህ። በ1941 መንገድና ድልድይ ሊሠራ በመሐንዲስነት ኒጀር መጣ። በኋላ የሕዝቦችን ባህል የሚያጠና ፊልም ሰሪ ሆነ። ዕድሜ ልኩን ወደ ኒጀር ሲመላለስ ኖሮ በ2004 እዚያው ኒጀር በመኪና አደጋ ሞተ። አገሩን ይወድ ነበር፣ እሱን አልክድም። ሆኖም የሴኔጋሉ ፊልም ሰሪ ኡስማን ሴምቤን በ1965 ፊት ለፊት ተቀምጦ «እንደ ነፍሳት ነው የምታዩን» ብሎታል። ከላይ ሆኖ በማጉያ መነጽር እንደሚያይ ሰው ማለቱ ነው። ይኼ ንግግር በአፍሪካ ሲኒማ ታሪክ እስካሁን ይጠቀሳል።

አላሳን በ1962 የሠራውን «አውሬ» የተባለ (የኛን አውሬ ማለት አይደለም) አጭር ፊልም ስታይ ልዩነቱ ይገባሃል። ዛርማ የሚባለው የኒጀር ሕዝብ በሚኖርበት በአንድ መንደር ያሉ ወጣቶች የጋብቻ ታሪክ ነው። ውጭ ቆሞ የሚያስረዳ ዓይን የለበትም። ሰርግ ቤት እንደተጠራ ዘመድ ውስጥ ገብቶ ያያል። የሴምቤን የታወቀው የመጀመሪያ አጭር ፊልም የወጣው በ1963 መሆኑን አስብ። አላሳን ከእሱ በፊት ካሜራውን ይዞ መንደሩ ውስጥ ነበር። በዚያው በ1962 የአገሩን ተረት ይዞ «የንጉሥ ኮዳ ቀለበት»ን ሠራ። የ20 ዓመት ልጅ ነበር።

ከዚያ ካናዳ ሄደ። በካናዳ ብሔራዊ የፊልም ቦርድ ኖርማን ማክላረን የሚባል ሰው ነበር። ማክላረን አንዳንዴ ካሜራም አይጠቀም። ጥሬውን የፊልም ጥቅል ዘርግቶ እላዩ ላይ በቀለም ይሥላል፣ በመርፌ ይፍቃል። ድምፁን ሳይቀር በእጁ ይሥለዋል። ይኼን ያየ መካኒክ ምን እንደሚያስብ ገምት። ትልቅ ስቱዲዮ ማለት ግዴታ አይደለም። መቶ ሠራተኛ አያስፈልግም። አንድ ሰው፣ አንድ ጠረጴዛ፣ ብዙ ትዕግሥት ይበቃል። በአሜሪካ በትልልቅ ስቱዲዮዎች የሚሠራውን መንገድ ተምሮ ቢሆን ኖሮ ኒያሜ ተመልሶ ምን ሊያደርግ ይችል ነበር? ምንም። የማክላረንን መንገድ ግን ሻንጣው ውስጥ ከቶ ይዞት መጣ።

የመጀመሪያው የታወቀ አኒሜሽኑ «የጋንጂ ሞት» ነው። የጉርጦች ንጉሥ አለ፣ ቤተ መንግሥት አለ፣ አወዳሾች አሉ። በምዕራብ አፍሪካ ግሪዮ የሚባሉ የውዳሴና የታሪክ ሰዎች አሉ፣ እንደ እኛ አዝማሪ በላቸው። በዚያ ፊልም ውስጥ ማወደስና መፍራት ጎን ለጎን ይሄዳሉ።

ግን መጀመሪያ እንድታየው የምፈልገው በ1966 የሠራውን «መልካም ጉዞ ሲም» የተባለውን ነው። በፈረንሳይኛ «ቦን ቮያዥ ሲም» ይባላል። 5 ደቂቃ ብቻ ነው። ጥቁርና ነጭ ነው።

ሲም የእንቁራሪቶች ሪፐብሊክ ፕሬዚዳንት ነው። የጎረቤት አገር ፕሬዚዳንት ጋበዘውና ለጉብኝት ሄደ። አቀባበል አለ፣ ሰልፍ አለ፣ ሰላምታ አለ። ሁሉም እንቁራሪት ነው። ሲም ሲመለስ አገሩ ሌላ ሆና ትጠብቀዋለች። የገዛ ሕዝቡ ይዞ ውኃ ውስጥ ይወረውረዋል። አለቀ።

አሁን ዓመቱን ልብ በል። 1966። በጥር ወር ብቻ ላይኛው ቮልታ (የዛሬዋ ቡርኪና ፋሶ) እና ናይጄሪያ ውስጥ መንግሥት ተገለበጠ። በየካቲት 24 የጋናው ክዋሜ ንክሩማ ወደ ሃኖይ በጉዞ ላይ ሳሉ በወታደር ከሥልጣን ወረዱ። ዜናውን የሰሙት ፔኪንግ ላይ ነው። ፊልሙ የንክሩማ ታሪክ ነው አልልህም። ግን ያ ዓመት እንዲህ ዓይነት ዓመት ነበር። አገሩን ለቆ የሚሄድ መሪ ሁሉ ሲመለስ ማን እንደሚጠብቀው እርግጠኛ አልነበረም። እኛም ይኼን ስሜት እናውቀዋለን። ታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. ጃንሆይ ብራዚል ሳሉ ክቡር ዘበኛ አዲስ አበባን ይዞ ነበር። እሳቸው ተመልሰው ዙፋናቸው ላይ ተቀመጡ። ሲም ግን ውኃ ውስጥ ገባ። ፊልሙን ለተማሪዎቼ ሳሳይ ትልልቆቹ ዝም የሚሉት፣ ትንንሾቹ የሚስቁት ለዚህ ይመስለኛል።

ለምን እንቁራሪት? ብዙ ሰው መልሱን ከፖለቲካ ብቻ ይፈልገዋል። እርግጥ ነው፣ እንስሳ ሲናገር ባለሥልጣን ለመቆጣት ይቸገራል። ተረቶቻችን ሁሉ የሚሠሩት እንዲህ ነው። አንበሳና ጦጣ ስንል ማንን ማለታችን እንደሆነ ሁሉም ያውቃል፣ ማንም ግን ልክሰስህ አይልም። ነገር ግን የአኒሜሽን ባለሙያ ሆነህ ስታየው ሌላ ምክንያት አለ። እንቁራሪት አንገት የለውም። ጭንቅላቱና ሰውነቱ አንድ ቁራጭ ነው። ዓይኑ ከላይ ፈጦ ይወጣል፣ አፉ ከዳር እስከ ዳር ነው። ጥቂት መስመር ይበቃዋል። ደረቱን ሲነፋ የሹም ኩራት ወዲያው ይታያል። ሲዘል ደግሞ በእያንዳንዱ እርምጃ የጉልበትና የቁርጭምጭሚት ጣጣ አያስጨንቅህም።

ይኼ ቀላል ነገር አይደለም። ሒሳቡን እንሥራው። ፊልም በሰከንድ 24 ፍሬም ነው። 5 ደቂቃ 300 ሰከንድ ነው። ስለዚህ 7,200 ፍሬም ያስፈልጋል። እያንዳንዱን ሥዕል ሁለት ፍሬም ብታቆየው እንኳ 3,600 ሥዕል ነው። የሰው ፊትና እጅ ብትሥል በአንድ ሥዕል ላይ የምታጠፋው ጊዜ እጥፍ ድርብ ይሆናል። ረዳት የሌለው ሰው በጥቂት መስመር የሚቆም ገጸ ባሕርይ መምረጡ ብልህነት ነው። አንተም በስልክህ ስትሠራ ገጸ ባሕርይህን ከመውደድህ በፊት ስንት መስመር እንዳለው ቁጠር። ቁጥሩ ፊልሙ ያልቅ ወይስ አያልቅ እንደሆነ ይነግርሃል። ጥሩ ጥሩ ፊልሞች በሦስተኛው ደቂቃ ሲቆሙ ብዙ አይቻለሁ። ምክንያቱ አንድ ነው። ሰሪው ፀጉር በፀጉር የተሣለ ጀግና ይዞ ተነሳና አቅሙ አለቀ።

በዚያው በ1966 አላሳን ከሥዕሉ ጠረጴዛ ተነስቶ ፈረስ ላይ ወጣ። «የጀብደኛው መመለስ» የሚባል የ34 ደቂቃ ፊልም ነው። በአፍሪካውያን የተሠራ የካውቦይ ፊልም።

ይኼን ለመረዳት ያኔ ኒያሜ ሲኒማ ቤት ምን ይታይ እንደነበር ማወቅ አለብህ። በፈረንሳይኛ ተናጋሪው አፍሪካ የፊልም ማከፋፈሉን ሥራ የያዙት ኮማሲኮና ሴክማ የሚባሉ ሁለት የፈረንሳይ ኩባንያዎች ነበሩ። የሚያመጡት ርካሽ የአሜሪካ ካውቦይ ፊልም፣ የሕንድ ፊልም፣ የግብፅ ፊልም ነው። የኒጀር ልጅ በነጻነት ማግስት የራሱን አገር ስክሪን ላይ አያይም። የሚያየው ቴክሳስን ነው። አላሳን «አታዩት» ብሎ አልሰበከም። ልጆቹን ራሳቸውን ካውቦይ አደረጋቸውና የሚሆነውን አሳየ።

ታሪኩ ይኼ ነው። ጂሚ የሚባል ወጣት ከአሜሪካ በአውሮፕላን ይመለሳል። ሻንጣው ሙሉ የካውቦይ ልብስ ነው። ለጓደኞቹ ያከፋፍላል። ባርኔጣው፣ ሽጉጡ፣ ሁሉም ነገር። ስማቸውን ይለውጣሉ። አንዷ ልጅ ንግሥት ክሪስቲን ትባላለች። ፈረስ ይጋልባሉ፣ ቀጭኔ ያሳድዳሉ፣ መጠጥ ቤት ውስጥ ይደባደባሉ። ጨዋታው ቀስ እያለ ጨዋታ መሆኑ ይቀራል። ስርቆት ይገባበታል። ሽማግሌዎች ይቆጣሉ። መንደሩ ይታመሳል።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። ፊልሙን «የምዕራቡን ባህል የሚነቅፍ» ብለው የሚያልፉት አሉ። እኔ በከፊል ብቻ ነው የምስማማው። ቀረጻውን እየው። ወጣቶቹ ፈረሱ ላይ ሲወጡ ካሜራው ይደሰታል። ባርኔጣው ያምርባቸዋል። ሠሪው እነዚያን ፊልሞች ሲኒማ ቤት ተቀምጦ የወደደ ሰው መሆኑ ግልጽ ነው። ፍቅሩንም አደጋውንም አንድ ላይ ይዞታል። ለዚህ ነው ፊልሙ ያላረጀው። የቴሌቪዥን ስብከት ቢሆን ኖሮ ዛሬ ማን ያየው ነበር?

የንግሥት ክሪስቲንን ክፍል የተጫወተችው ዛሊካ ሱሌይ ናት። ስለ እሷ አንድ ነገር ልበል። በኒጀር የመጀመሪያዋ የፊልም ተዋናይት ናት። በዚያን ጊዜ አንዲት ሙስሊም ወጣት ሴት ሱሪ ለብሳ፣ ፈረስ ጋልባ፣ ሽጉጥ ይዛ ስክሪን ላይ መውጣቷ ቀላል አልነበረም። ሰዎች ተዋናይቷንና የተጫወተችውን ሰው መለየት አቃታቸው፣ ስድቡ ወደ ራሷ ሄደ። እሷ ግን ቀጠለች። የኒጀሩ ኡማሩ ጋንዳ በሠራውና በ1972 በዋጋዱጉው የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል በፌስፓኮ ታላቁን ሽልማት ባገኘው ፊልም ውስጥም አለች። ያ የፌስፓኮ የመጀመሪያው ታላቅ ሽልማት ነው። ያንኑ ሽልማት የኛው ኃይሌ ገሪማ በ2009 በ«ጤዛ» ወስዶታል። ዛሊካ ዕድሜዋን በሙሉ ለፊልም ሰጥታ ሀብት አላፈራችም። አላሳንን ስናወድስ እሷን መርሳት አይገባም።

ስለዚያ ቀረጻ ሌላም ፊልም አለ። ያኔ ኒያሜ የነበረው ፊልም ሰሪ ሰርዥ ሞአቲ ቀረጻውን ከጎን ሆኖ በካሜራ ያዘና «ካውቦዮቹ ጥቁር ናቸው» የሚል አጭር ዘጋቢ ፊልም አወጣ። ብታገኘው እየው። በትንሽ ዕቃ እንዴት ፈረስ ግልቢያ እንደሚቀረጽ ታያለህ።

የ1970ዎቹን ሥራዎች ፈጠን ብዬ ልለፍ። በ1972 «ሴት፣ መኪና፣ ቪላ፣ ገንዘብ» የሚል ረጅም ፊልም ሠራ። በፈረንሳይኛ የአራቱን ቃላት መነሻ ፊደል ይዘው ኤፍ ቬ ቬ አ ይሉታል። አንድ ተራ ደመወዝተኛ እነዚህ አራት ነገሮች ከሌሉህ ሰው አይደለህም የሚል ዓለም ውስጥ ይገባል። የማያገኘውን ገንዘብ ያወጣል፣ ከዚያ የሰው ገንዘብ ይነካል፣ መጨረሻው እስር ቤት ነው። አዲስ አበባ ውስጥ ዛሬ ቢቀረጽ ብዙ የሚለወጥ ነገር አይኖረውም።

በ1974 ከአና ሶሪንግ ጋር «ቱላ፣ የውኃው መንፈስ»ን ሠራ። ታሪኩ የኒጀሩ ጸሐፊና የብሔራዊ ምክር ቤቱ ፕሬዚዳንት ቡቡ ሃማ የጻፈው ተረት ነው። ድርቅ ገባ። የውኃው መንፈስ ዝናብ ለመስጠት አንዲት ልጅ ይጠይቃል። የሚወዳት ወጣት ውኃ ፍለጋ ይሄዳል። ውኃ አግኝቶ ሲመለስ ረፍዷል። የአርዌን ተረት እየሰማ ላደገ ሰው ይኼ ሩቅ ታሪክ አይደለም። እዚያም ዘንዶው ልጃገረድ ይቀበላል። ግን ቱላን ከባድ የሚያደርገው ጊዜው ነው። ከ1968 ጀምሮ ከሰሃራ በረሃ ግርጌ ያሉት የሳህል አገሮች በድርቅ እየነደዱ ነበር። ፊልሙ በወጣበት ዓመት፣ በሚያዝያ 15፣ የኒጀር ወታደሮች የፕሬዚዳንት ሃማኒ ዲዮሪን መንግሥት ገለበጡ። አንዱ ክሳቸው የርዳታ እህል አያያዝ ነው። ቡቡ ሃማም ታሰረ። በዚያው ዓመት እኛ ዘንድ የወሎ ረኃብ የንጉሡን መንግሥት ይዞት ሄደ። ተረት ነው ብሎ የጀመረው ሰው ዜና ሆኖበት ጨረሰ።

ከዚያ ወደ አኒሜሽን ተመለሰ። አሁን ግን በሥዕል አይደለም፣ በአሻንጉሊት ነው። «ታላቁ ሳምባ» በ1977 የወጣ የጀግና አፈ ታሪክ ነው። ጀግናው ልዕልቲቱን ለማግኘት ከባድ ከባድ ፈተና ያልፋል። ከብዙ ዓመት በኋላ፣ በ2001፣ «ኮኮዋ» መጣ። ኮኮዋ በሃውሳ ቋንቋ የባህል ትግል ማለት ነው። ኒጀር ውስጥ ይኼ ትግል እንደ ብሔራዊ ስፖርት ነው። በየዓመቱ የአገሪቱ ሻምፒዮን ጎራዴ ይሸለማል። አላሳን ሜዳውን፣ ተመልካቹን፣ ግርግሩን ሁሉ ሠራና ታጋዮቹን እንስሳት አደረጋቸው። እስስት ይታገላል፣ እንቁራሪት ይታገላል። እስስቱ የሚራመደው ልክ እንደ እውነተኛው እስስት ነው፣ እያመነታ፣ ወደፊትና ወደኋላ እየተወዛወዘ። ተመልክቶ ያጠና ሰው ሥራ ነው።

የአሻንጉሊት አኒሜሽን የመካኒክ ጥበብ ነው። ሥዕል ላይ ስሕተት ብትሠራ ትሰርዛለህ። አሻንጉሊት ግን ክብደት አለው፣ ይወድቃል። ውስጡ አጥንት ያስፈልገዋል። ሽቦው በጣም ከለሰለሰ እጁ ይዘነበላል። በጣም ከደነደነ ስትገፋው መልሶ ይነጥራል። ደጋግመህ ስታጥፈው መገጣጠሚያው ላይ ይሰበራል፣ ያውም ሁልጊዜ በቀረጻ መሐል። እግሩ መሬት ካልያዘ ፊልሙ በሙሉ ይንቀጠቀጣል። ይኼን ሁሉ ችግር ለአንድ ባለ ዲግሪ የሥነ ጥበብ ሰው ስጠው፣ ይጨነቃል። ለመካኒክ ስጠው፣ ኪሱ ውስጥ ፒንሳ ይፈልጋል። አላሳን አሻንጉሊቶቹንም የሚሠራባቸውን ነገሮችም በእጁ ነበር የሚያበጀው። ስለ እሱ በ2009 የተሠራው ዘጋቢ ፊልም «የሚቻለው ነገር ፊልም ሰሪ» የሚል ርዕስ አለው። ማሪያ ሲልቪያ ባዞሊና ክርስቲያን ሌሎን ናቸው የሠሩት። ያንን ርዕስ እወደዋለሁ። አላሳን «ምን ጎደለኝ» ብሎ አይጀምርም ነበር፣ «ምን አለኝ» ብሎ ነው።

በመሐሉ ለ15 ዓመት በኒያሜ ዩኒቨርሲቲ የሲኒማ ክፍል ኃላፊ ሆኖ ሠርቷል። የፊልሞቹ ቁጥር በአንዳንድ ዓመት ለምን እንደሚቀንስ የሚጠይቁኝ አሉ። አንዱ መልስ ማስተማሩ ነው። ሌላው ገንዘብ ነው። በ1960ዎቹ ኒጀር በምዕራብ አፍሪካ ሲኒማ ፊት ከቆሙት አንዷ ነበረች። ኡማሩ ጋንዳ ነበረ፣ ጂንጋሬይ ማይጋ ነበረ። ማይጋ ራሱ በጀብደኛው ፊልም ውስጥ ከተጫወቱት አንዱ ነው፣ በኋላ ዳይሬክተር ሆነ። ጋንዳ በ1981 ሞተ። ሲኒማ ቤቶች ተዘጉ። ከፈረንሳይ ይመጣ የነበረው ድጋፍ ላይ የቆመ ነገር ድጋፉ ሲቀንስ ወደቀ። አላሳን ግን መሥራቱን አላቆመም። ዕድሜው ከገፋ በኋላም ወደ መጀመሪያው እንቁራሪት ተመልሶ በ2001 «ደህና ሁን ሲም»ን ሠራ። በ2007 በካን ፌስቲቫል ጊዜ የፈረንሳይን የሌጂዮን ዶነር ኒሻን ሰጡት። በመጋቢት 2015 አረፈ። ከሞተ በኋላ በ2017 የኒውዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ፊልሞቹን ሰብስቦ አሳየ። እዚያ የተሰበሰበው ተመልካች በሲም መሳቁን አልጠራጠርም። እኔን የሚያሳዝነኝ የኛ የፊልም ተማሪዎች ስሙን ሳይሰሙ መመረቃቸው ነው። ዋልት ዲዝኒን ያውቃሉ፣ የጃፓኖቹን ያውቃሉ። የኒጀሩን ሰው አያውቁም።

አሁን ወደ አንተ ልምጣ። ምን ይጠቅመኛል ብለሃል።

እኔ ብሆን ከሁሉ በፊት ታሪኬን ከሰፈሬ እወስድ ነበር። አላሳን የሃውሳን ትግል፣ የዛርማን ሰርግ፣ የወንዙን መንፈስ ነው የሠራው። አንተ ሐዋሳ ነህ። ሐይቁ ዳር ዓሣ ገበያ ላይ አባ ኮዳ ወፎቹ እንዴት ተሰልፈው የዓሣ ጥራጊ እንደሚጠብቁ አይተሃል። ራሰ በራ፣ ረጅም እግር፣ የተኮፈሱ። አላሳን እዚያ አንድ ጠዋት ቢቀመጥ ኖሮ ማታ ካቢኔ ይሆኑለት ነበር።

ዕቃ ስትመርጥ የምትጠግነውን ተጠቀም። የተበላሸ ስልክ ካሜራ አለህ፣ የመብራት ስትሪፕ አለህ፣ ቀጭን ሽቦ አለህ፣ ብየዳ ትችላለህ። አብዛኞቹ ተማሪዎቼ ይኼ የላቸውም። የአሻንጉሊት አጥንት መሥራት ለአንተ የግማሽ ቀን ሥራ ነው። በአገራችንም «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የሚባለው የልጆች ፕሮግራም የተነሳው ቤት ውስጥ በእጅ በተሠራ የቀጭኔ አሻንጉሊት ነው። ብሩክታዊት ጥጋቡ መምህርት ነበረች፣ ባለ ስቱዲዮ አልነበረችም።

ሌላው፣ ሥራህን ለማን እንደምታሳይ አስቀድመህ ወስን። አላሳን ልጅ ሆኖ ግድግዳ ላይ ሲያሳይ ተመልካቹ ፊት ለፊቱ ተቀምጧል። የት እንደሚስቁ፣ የት እንደሚሰለቹ ያያል። በስልክ ስትለጥፍ የምታየው ቁጥር ብቻ ነው። አንድ ማታ ለሰፈር ልጆች አንሶላ ሰቅለህ አሳይ። የልጅ ፊት የትኛው ትዕይንት መቆረጥ እንዳለበት ከማንኛውም አስተማሪ በፊት ይነግርሃል።

ለማየት ከፈለግህ በዚህ ቅደም ተከተል ሂድ። መጀመሪያ ሲም፣ ቀጥሎ ጀብደኛው፣ ከዚያ ኮኮዋ። በፈረንሳይኛ ስማቸው ፈልጋቸው። ሲምን ሁለት ጊዜ እየው፣ አንዴ እንደ ተመልካች፣ አንዴ ድምፁን አጥፍተህ በየሰከንዱ እያቆምክ። ስንት ሥዕል እንደደገመ ቁጠር። አንድ ሰልፍ ለማሳየት ስንት እንቁራሪት እንደሣለና ስንቱን እንደመለሰ ታገኘዋለህ።

ከዚያ በኋላ አንድ ነገር ብቻ ሞክር። አንድ አባ ኮዳ ከሽቦና ከስፖንጅ ሥራ፣ ስልክህን በደንብ አስረህ፣ ከመቆም ወደ መራመድ የሚያልፍበትን ሁለት ሰከንድ ቅረጽ። በሰከንድ 12 ፎቶ ካነሳህ 24 ፎቶ ነው። መጀመሪያ ክብደቱን ወደ አንድ እግር አሳርፍ፣ ከዚያ ብቻ ሌላውን አንሳ። ስትጨርስ ላክልኝ፣ እግሩ መሬት መያዙን አብረን እናያለን።